ቆብ የደፋው ተዋናይ

ፍሎሪያንን በአገሩ በጀርመን ፊቱን እንጂ ስሙን የሚያውቅ የለም። ረጅም፣ ከሲታ፣ ዓይኑ የሠረጎደ ስለሆነ የፊልም አዘጋጆች ሲያዩት ከመነኩሴ በቀር ሌላ አይታያቸውም። ዕድሜውን ሲባርክ፣ ሲያናዝዝና ሲቀብር ኖረ።

ደብረ ማርቆስም የመጣው ለዚያው ነው፤ ጮቄ ተራራ ግርጌ በሚቀረጽ ፊልም ውስጥ ሚሲዮናዊ ሆኖ ሊሞት። አስተርጓሚያቸው የብርጓል ነበረች። እሱ ሞቶ ሲወድቅ እሷ ሳቋ አመለጣት፤ ሬሳውም አብሯት ሳቀ። በቃ፣ ከዚያ ወዲያ አለቀላቸው። ፊልሙ ካበቃ በኋላም ለእሷ ብሎ ተመልሶ መጣ።

«አፍቃሪ ሆነህ ተጫውተህ አታውቅም?» አለችው ባጃጅ ውስጥ።

«ማን ሰጥቶኝ?»

እጁ እጇን ነካ፤ አልሸሸችም።

ሽማግሌ ተላከ። አባቷ ቄስ ገዳሙ «ልጁን ራሱን ልየው» አሉ። ሽማግሌ ሲመጣ ልጅቱ ጓዳ ነው የምትቀመጠው፤ ግን የእሱን ቋንቋ የሚያውቅ ሌላ ሰው አልተገኘም። የብርጓል የራሷን ጋብቻ ልታስተረጉም መካከል ተቀመጠች።

«ልጄ፣ ስትመነኩስ የተጫወትክበትን ፊልም በስልክ አሳይተውኛል» አሉ ቄስ ገዳሙ። «ጨዋታ መሆኑ አይጠፋኝም። ግን ሲያመነኩሱህ የተላጨው የራስህ ጠጉር ነው? ቃሉንስ በአፍህ ብለኸዋል?»

ተረጎመችለት። በዓይኗ ለመነችው፤ አልገባውም። በሥራው ዘመን ሁሉ የሚኮራበት ትዕይንት እሱ ብቻ ነበር። ፊቱ በርቶ፣ በእውነተኛ ገዳም ውስጥ ጠጉሩን ተላጭቶ፣ ቃሉን ከልቡ እንዳለው ነገራት።

ልትዋሽ ትችል ነበር። ግን የአባቷ የእጅ መስቀል ጉልበታቸው ላይ ነው፤ ምላሷ እምቢ አላት።

«አዎ ይላል፣ አባዬ። በገዳም ውስጥ፣ ከልቡ።»

የሽማግሌዎቹ መሪ አለበል ተቁነጠነጠ። «አባ፣ ፊልም እኮ ነው።»

«ሰው ፊልም ይበለው። የሰማው ማን እንደሆነ አንተም ታውቃለህ።» ቄስ ገዳሙ አንገታቸውን ደፉ። «ልጁን ወድጄው ነበር። ግን የመነኮሰን ሰው እኔ በእጄ አላጋባም፤ ልጄን አልሰጠውም። ንገሪው።»

«ምን አሉ?» አላት ፍሎሪያን፣ ፈገግታው ገና ሳይጠፋ።

የብርጓል ዞር ብላ አየችው። ቤቱ ሁሉ አፍ አፏን ያያል። ከእሷ ሌላ የሚነግረው ሰው የለም። እንባዋን ዋጠችና እንደ አስተርጓሚ ወግ፣ የተባለውን ሳትጨምር ሳትቀንስ፣

«ልጄን አልሰጥህም» አለችው።