ያለ ንፋስ ያዜመው አዳራሽ

መማል አልወድም። ይሄን ግን በዓይኔ በብረቱ ነው ያየሁት። "ይሄ ሰውዬ ጤናም የለው" የምትሉ ካላችሁ እዚሁ ጋ ተዉት፤ አልቀየምም።

ከቀኑ ስምንት ሰዓት ነው። ጠራራ ፀሐይ። ቦታው የምሠራበት የንፋስ አዳራሽ።

እኛ ከተማ ሙዚቃ የሚጫወተው ንፋስ ነው። አዳራሹ ኮረብታ ላይ ተሠርቷል፤ ግድግዳው ውስጥ ከላይ እስከ ታች የእንጨት ቧንቧ ተቀብሯል። እኔ በሮቹን እከፍታለሁ፣ ንፋሱ ይገባል፣ ቧንቧዎቹ ያዜማሉ፣ ዘፋኙ ይከተላል። በቃ፣ በር ከፋች በሉኝ።

አንድ ሕግ አለን። ንፋስ በሌለበት ቀን በር አይከፈትም... ዘፋኝም መድረክ ላይ አይቆምም። ለምን እንደሆነ የነገረኝ ሰው የለም። እኔም ጠይቄ አላውቅም።

የዚያን ቀን ንፋስ የሚባል ነገር አልነበረም። ቅጠል አይነቃነቅም።

እህቴ መድረኩ ላይ ቆማለች። ታላቄ ናት፤ ከእሷ ሌላ ሰው የለኝም። አስም ነበረባት። ልጅ ሆነን ትንፋሽ ሲያጥራት ጀርባዋን እያሸሁ ነው ያደግኩት። ካደግንም በኋላ ስታስል የእኔ ደረት ነበር የሚታፈነው። እሷ ግን ዘፈን ነፍሷ ነው። በማግስቱ የዘፈን ፈተና ነበራት፣ ሳልለማመድ ሞቼ እገኛለሁ ብላ ድርቅ አለች።

"ክፈተው ማሙሽ" አለችኝ በሹክሹክታ። ጢሜ ሸብቷል፤ እሷ ዘንድ ዛሬም ማሙሽ ነኝ።

"ንፋስ የለም እኮ እትዬ።"

"ይመጣል።"

"ሕጉስ?"

"ነገ ሰው ፊት ድምፄ ሲሰበር ሕጉ ያድነኛል?"

ቧንቧዎቹን የሚቃኙትን ሽማግሌ ዞሬ አየኋቸው። ወሬ ስለማይወዱ ጋሽ ዝምታ ነው የምንላቸው። አይሆንም ብለው እጃቸውን አወዛወዙ።

እሷ ማንን ልትሰማ... ወርዳ ትልቁን በር ራሷ በረገደችው።

ጸጥ።

ከዚያ... አንዱ ቧንቧ ድምፅ አወጣ። ቀጭን ድምፅ።

"አላልኩህም?" አለችና መድረኩ ላይ ተመልሳ መዝፈን ጀመረች።

የእኔ ዓይን የበሩ መጋረጃ ላይ ነበር። ንፋስ ሲገባ መጋረጃው ወደ ውስጥ ይነፋል፣ እዚያው ይቆያል። ይሄኛው ወደ ውስጥ ገባ... ተመልሶ ወደ ውጭ ወጣ።

ገባ... ወጣ።

ይሄ ንፋስ አይደለም፣ ትንፋሽ ነው አልኩ በልቤ።

ጋሽ ዝምታ ጆሮዬ ሥር መጡ። ላብ አጥምቋቸዋል።

"እህትህን አስቁማት።"

"ምንድን ነው እሱ?"

"አስቁማት አልኩህ። አንዴ ከለመዳት አይለቃትም።"

ሮጥኩ። መድረኩ ጋ ስደርስ ዘፈኗን አቁማለች። ከንፈሯ ተገጥሟል።

ቧንቧዎቹ ግን ያዜማሉ... በእሷ ድምፅ።

ጉሮሮዋን ይዛ አየችኝ። አየር መሳብ አቅቷታል። እንደዚያን ቀን ፈርቼ አላውቅም። አፈፍ አድርጌ ተሸክሜያት ወጣሁ። ጋሽ ዝምታ ከኋላችን በሩን ጠረቀሙት።

ውጭ ስንደርስ ተነፈሰች። ረጅም... በጣም ረጅም ትንፋሽ።

ከዚያ ቀን ወዲህ አስም የለባትም። አንዴ እንኳ አላሳላትም። ፈተናውንም አለፈች። ሰው ሁሉ "እልል በል እንጂ" ይለኛል። እኔም ደስ ብሎኝ ነበር።

ግን እሷ ስትተኛ ክፍሏ ውስጥ ሻማ አልበራ ይላል። በሯ ማንም ሳይነካው ይገጠማል... ይከፈታል።

ታች ቤት ያሉት ጎረቤታችን ድንጋይ የሚፈነቅሉ ጤነኛ ሴት ነበሩ። ሰሞኑን "ምነው ልጄ፣ አየሩ ከበደኝ" ይላሉ። እኔንም ደረጃ ስወጣ ያለከልከኝ ጀምሯል።

ትናንት ከሰዓት እህቴ ጋደም ብላለች። የሰላም እንቅልፍ። ተመስገን ብዬ መስኮቱን ልከፍት ሄድኩ።

ውጭ ንፋስ የለም። ከየጭስ ማውጫው የሚወጣው ጭስ ቀጥ ብሎ ቆሟል።

ሰፈሩ ያሰጣው ልብስ ግን... አንሶላው፣ ሸሚዙ፣ የሕፃናቱ ፎጣ... ሁሉም ከየገመዱ ተነስቶ ወደ እኛ መስኮት ተወጥሯል።

ከኋላዬ እህቴ ተነፈሰች።

ልብሱ ሁሉ ወደ ቦታው ተመለሰ።

ጎረቤታችን ደረታቸውን ይዘው ግቢው ውስጥ ቁጢጥ ብለዋል። ቀና ብለው አዩኝ፣ አፋቸውን ከፈቱ፣ ድምፅ የላቸውም።

ልቀሰቅሳት እጄን ዘረጋሁ... ትከሻዋ ጋ ሲደርስ ያ የልጅነት ሳሏ ትዝ አለኝ።

እጄን ሰበሰብኩት።

እህቴ እንደገና አየር ሳበች። አንሶላዎቹ ሁሉ ቀስ ብለው ወደ እኛ ዞሩ።