የማሂሮ ቁጥር

«ስድስት» አለች ቺዙሩ፣ በማሂሮ ድምፅ።

የማሂሮን ድምፅ ይመስላል ብላ ባሰበችው ድምፅ ማለት ይሻላል። ፊቷን ወደ ጎን አዙራ፣ ጎርነን አድርጋ ነው የጠራችው። የራሷን ቁጥር፣ አምስትን፣ ከዚያ በፊት በቀጭኑ ብላዋለች። ከሰልፉ ፊት ያሉት አስጎብኚ እትዬ ሙራኦካ ሐምራዊ ባንዲራቸውን ከፍ አደረጉና «ሙሉ ናችሁ፤ እንቀጥል» አሉ። ዞር ብለው እንኳ አላዩም።

እትዬ ሙራኦካ የሚቆጥሩት በጆሯቸው ነው። አጭር ናቸው፤ በኦሳካው የዶቶንቦሪ ጎዳና ላይ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ከሚርመሰመሰው ሕዝብ መሐል ቆመው ስድስት ልጅ በዓይን ልልቀም ቢሉ አንገታቸው ይቀጫል። «እዚህ ሰፈር ዓይን ይሸወዳል፣ ጆሮ ግን አይሸወድም» ብለው ነበር ጉብኝቱ ሲጀመር። ስለዚህ መንገድ በተሻገሩና መታጠፊያ በደረሱ ቁጥር «ቁጥር!» ይላሉ፤ ከፊት ያለው ኢሳሙ «አንድ» ይላል፤ እንዲህ እንዲህ እያለ ቁጥሩ ወደ ኋላ ይሄዳል። መጨረሻ ላይ ያለችው ማሂሮ ነበረች። አሁን ግን ከቺዙሩ ኋላ ያለው የማታውቀው ሕዝብ ብቻ ነው።

ማሂሮ የሄደችው እግሮቹን የሚያወናጭፈው ትልቁ የሸርጣን ማስታወቂያ የተሰቀለበት ምግብ ቤት ጋ ሲደርሱ ነው። «ሩብ ሰዓት ብቻ። ድልድዩ ጋ ስትደርሱ አጠገብሽ ነኝ። እስከዚያ ቁጥሬን ጥሪልኝ» አለቻት። ዓይኗ ያበራ ነበር።

«ቢነቃብንስ?»

«አታካብጂ ባክሽ። ሴትዮዋ እንደሆነ አታይም።»

የምታገኘው ሱዙን ነው። ሱዙ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ናት፤ ኦሳካ ነው የምትኖረው፤ ሥዕል በሚለጣጠፍበት መተግበሪያ ላይ ከማሂሮ ጋር የብርዱን ወራት ሙሉ ሲጻጻፉ ከርመዋል። የማትጠቀምባቸውን የሥዕል ቀለሞች ልሰጥሽ ብላታለች። ለእንደነሱ ዓይነት፣ በሺማኔ ጠረፍ ዓሣ ከሚደርቅባት ትንሽ ከተማ ለመጣ ልጅ፣ ይሄ ትንሽ ነገር አይደለም። ትምህርት ቤቱ በጉዞው ላይ ስልክ ከልክሏል፤ ማሂሮ ግን የራሷን በካልሲ ጠቅልላ አምጥታለች።

ድልድዩ ጋ ደረሱ። ማሂሮ የለችም።

ቺዙሩ ድልድዩን ከዳር እስከ ዳር አየችው። ተማሪ ሞልቷል፤ ግማሹ የለበሰው እንደነሱ ጥቁር ሰማያዊ ዩኒፎርም ነው። አጭር ጸጉር ያላት ልጅ ባየች ቁጥር ልቧ ዘለል ይላል፤ ልጅቷ ትዞራለች፤ ሌላ ሰው ናት። እትዬ ሙራኦካ ስለ ወንዙ፣ ስለ ድሮ ጀልባዎች ያወራሉ፤ ከኋላ አንዱም አይሰማም። ከዚያ «ቁጥር!» አሉ።

«አምስት» አለች ቺዙሩ። ፊቷን አዞረችና ድምፅዋን አጎረነነች። «ስድስት።»

«ስድስት ቁጥሬ፣ ጉንፋን ይዞሻል እንዴ?» አሉ እትዬ ሙራኦካ ከፊት።

ቺዙሩ ውሃ ሆነች።

«ከረሜላ ያዢ፣ ጉሮሮ ያለሰልሳል። ለሁላችሁም አለ፣ አሳልፉ።» እጃቸውን ቦርሳቸው ውስጥ ከተቱ። ከረሜላው ከእጅ ወደ እጅ ወደ ኋላ መጣ፤ ቺዙሩ ጋ ሲደርስ ሁለት ነበር። አንዱን የራሷ ኪስ ውስጥ ከተተች። ሌላውንም ከተተች፣ ሌላ የምታደርገው ስለሌላት።

ለምን እንደምትዋሽ ታውቃለች። ባለፈው ዓመት በክፍሎች የመዝሙር ውድድር ላይ፣ ሁሉም ዝም በሚልበት ቦታ ላይ እሷ ብቻ ዘመረች። ክፍሉ ተሸነፈ። ማንም አልሰደባትም፤ ማንም ግን አላናገራትም። በምሳ ሰዓት ሌሎቹ ጠረጴዛቸውን ገጥመው ሲበሉ የእሷ ብቻዋን ትቆማለች። ሦስተኛው ሳምንት ላይ ማሂሮ ጠረጴዛዋን እያንቋቋች፣ ክፍሉ ሁሉ እያያት፣ ጎትታ አምጥታ ከቺዙሩ ጋር ገጠመችው። «እንቁላሉን ካልበላሽው ስጪኝ» አለቻት። እንደዚያ ላደረገላት ሰው አንድ ቁጥር መጥራት ምን አላት?

ከጎዳናው ወደ ሆዜንጂ ቤተ መቅደስ ጠባብ መንገድ ታጠፉ። ጩኸቱ በአንዴ ራቀ። እዚያ ከላይ እስከ ታች አረንጓዴ የድንጋይ ሽበት የለበሰ ሐውልት አለ፤ ሰው ሁሉ ውሃ እያፈሰሰበት ይለምናል። ቺዙሩ ተራዋ ሲደርስ በእንጨት ጭልፋው ውሃ ቀዳች። ግማሹ ጫማዋ ላይ ፈሰሰ። ትምጣ፣ አለች በልቧ። በቃ ትምጣ።

ውሃው በሽበቱ ላይ ሲወርድ እያየች፣ ትናንት ባቡር ውስጥ ከማሂሮ ጋር ያወሩት ትዝ አላት።

«የሱዙ ድምፅ እንዴት ነው?» ብላ ጠይቃት ነበር።

«አላወራንም። ጉሮሮዋን ያማታል።»

«የብርዱን ወራት ሙሉ?»

«አንቺ ደግሞ! ፖሊስ ነሽ?»

ያን ጊዜ ሁለቱም ስቀው ነበር። አሁን ግን ሌላውም ተራ በተራ መጣባት። ሱዙ ዩኒፎርማችሁ ምን ይመስላል ብላ ጠይቃለች። አስጎብኚያችሁ ሸርጣኑ ጋ በስንት ሰዓት ታልፋለች ብላለች። ዓይን አፋር ስለሆንኩ ለማንም አትንገሪ ብላለች። መጀመሪያ የተቀጣጠሩት ትልቁ መጻሕፍት ቤት በር ላይ ነበር፤ ዛሬ ጠዋት ግን ሰው የሚበዛበት ቦታ ያስጨንቀኛል ብላ ቀየረችው፤ የወጥ ቤት ዕቃ ከሚሸጥበት መንገድ ጀርባ ወዳለው የመኪና ማቆሚያ። ማሂሮ ይሄን ሁሉ የነገረቻት እየሳቀች ነው። ለየብቻው ሲሰማ ምንም የለውም ነበር። ቺዙሩ ጭልፋውን አስቀመጠች።

ኢሳሙን እጅጌውን ይዛ ወደ ዳር ሳበችው። የቡድኑ መሪ እሱ ነው፤ ትምህርት ቤቱ ለመምህር ሂጋኪ እንዲደውልበት የሰጠው ስልክ ደረቱ ላይ ተንጠልጥሏል።

«ማሂሮ የለችም።»

«አውቃለሁ» አለ ኢሳሙ። «ለሁለት ሰው ስትጠሪ ሰምቼሻለሁ። ማስመሰል አትችዪበትም።»

«ለቲቸር ደውል።»

«አብደሻል? የባለፈው ዓመት ተማሪዎቹን ረሳሽ? አንድ ልጅ ጠፋ፣ ሠላሳ ሰው መዝናኛ ፓርኩን ትቶ ሆቴል ተቆለፈበት። እኔ የነገዋን የፓርክ ቀን ለአንድ ዓመት ነው የጠበቅኳት።»

«ብትጠፋስ?»

«ማሂሮ? እሷ ሰው ታጠፋለች እንጂ አትጠፋም» ብሎ ሳቀ። ከዚያ ሳቁን ተወና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ስሚ፣ ዘንድሮም አንቺ ካበላሸሽው፣ እንደ መዝሙሩ ቀላል እንዳይመስልሽ።»

ሄደ። ቺዙሩ ባለችበት ቀረች። ፍርሃት አንድ ብቻ ቢሆን ሰው ይሸሻል፤ የእሷ ግን በየአቅጣጫው ነው። ከተናገረች ክፍሉ አለ። ማሂሮ በሰላም ሄዳ ቀለሟን ይዛ ብትመጣና ሁሉ ነገር በቺዙሩ አፍ ቢበላሽ ደግሞ፣ ያቺ ጠረጴዛ ተመልሳ ትሄዳለች። ዝም ካለች የመኪና ማቆሚያው አለ። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል ትል ነበር እናቷ፤ እሷ ግን ገና እየታጠቀች ነው፤ ልናገር ልተው አልለየላትም።

የወጥ ቤት ዕቃው መንገድ መግቢያ ላይ ደረሱ። በሁለቱም በኩል ድስት፣ ቢላዋ፣ ለምግብ ቤት መስኮት የሚሆን የፕላስቲክ ሽሪምፕና የፕላስቲክ ሩዝ ተደርድሯል። ልጆቹ እየተገፋፉ ይስቃሉ።

«ቁጥር!»

«አንድ» አለ ኢሳሙ፣ ጠንከር አድርጎ።

«ሁለት።»

«ሦስት።»

«አራት።»

«አምስት» አለች ቺዙሩ።

ከዚያ አፏን ዘጋች።

ሌላ ምንም አላደረገችም። የሆነ ሱቅ ውስጥ ብረት ድስት ሲንኳኳ ይሰማል። ኢሳሙ ዞሮ አፈጠጠባት። ምላሷ ላይ ያለውን ቃል ላለመልቀቅ ጥርሷን ነከሰች። የእትዬ ሙራኦካ ባንዲራ ቀስ ብሎ ወረደ። ጉብኝቱ ከተጀመረ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ኋላ ዞሩ።

«ስድስትስ?»

«የለችም» አለች ቺዙሩ። «ከሸርጣኑ ጀምሮ የለችም። እኔ ነበርኩ ስጠራላት የነበረው።» እንባዋ መጣ። «ከዚህ ጀርባ መኪና ማቆሚያው ጋ ናት። አይታው የማታውቀው ሰው ጋ።»

እትዬ ሙራኦካ አልተቆጡም። ፊታቸው ግን አመድ መሰለ። ባንዲራውን ለኢሳሙ ሰጡት። «ይሄን ይዘህ እዚሁ ቁም፤ አንድም ሰው ንቅንቅ እንዳይል። ለመምህርህ ደውል፣ አሁን።» ቢላዋ ሻጩን «ፖሊስ ጥራልኝ፣ ከጀርባ ወዳለው መኪና ማቆሚያ ላከው» አሉት። ከዚያ የቺዙሩን ክንድ ያዙ። «ነይ፣ አሳይኝ።»

ከዚያ ጫጫታ ጀርባ እንዲህ ጭር ያለ ቦታ አለ ብሎ የሚያስብ የለም። አጥር፣ ጥቂት መኪኖች፣ አንድ መጠጥ መሸጫ ማሽን። ማሂሮ ማሽኑ አጠገብ ቆማለች። ከፊቷ አንድ ሰውዬ አለ፤ የቺዙሩን አባት ያህላል፣ ሸሚዙ የተተኮሰ ነው። የማሂሮ ቦርሳ እሱ ትከሻ ላይ ነው። የነጭ መኪና በር ተከፍቷል። ማሂሮ ፈገግ ብላለች፤ መምህር ያስረዳው ሳይገባት ገብቶኛል ስትል የምታሳየው ፈገግታ። እግሮቿ ግን ወደ ኋላ ወደ ኋላ ይሉ ነበር።

«ስድስት ቁጥር!» አሉ እትዬ ሙራኦካ፣ ገበያ በሚሰማው ድምፅ። «የት ጠፍተሽ ነው የምታንከራትቺኝ፣ የኔ ልጅ!» አልሮጡም። ቀጥ ብለው ሄደው በሰውየውና በማሂሮ መሐል ቆሙ።

ሰውየው በትሕትና ጎንበስ አለ። «ይቅርታ፣ የሱዙ አባት ነኝ። ልጄ ስላመማት ቤት ሆና እየጠበቀቻት ነው። ላደርሳት ብዬ ነው።»

«ውይ፣ እግዜር ይማራት። ይደውሉላትና ድምፅዋን እንስማዋ።»

ሰውየው የተከፈተውን የመኪና በር አየ። «ጉሮሮዋን ያማታል» አለ።

ማሂሮ ያኔ ፈገግታዋ ጠፋ። ቺዙሩ አየቻት፤ ድንገት የስድስት ዓመት ልጅ መሰለች።

ሰውየው ቦርሳውን ከትከሻው አውርዶ መሬት ላይ በጥንቃቄ አስቀመጠና መኪናው ውስጥ ገባ። እትዬ ሙራኦካ የታርጋ ቁጥሩን ጮክ ብለው፣ ደጋግመው አነበቡት። መኪናው ከታጠፈ በኋላም ማንበባቸውን አላቆሙም። ከዚያ የእግረኛ መንገዱ ጠርዝ ላይ ቁጭ አሉና ሁለት እጃቸውን ጭናቸው መሐል ደበቁ።

ፖሊሶቹ ብዙ ጠየቁ። መምህር ሂጋኪ እየሮጠ መጣ፤ ላብ አጥምቆታል፤ ማንንም ሳይቆጣ ለሁሉም አንገቱን ደፍቶ ይቅርታ ጠየቀ፤ ይሄ ከቁጣው ይከብድ ነበር። ስለ ነገ ምንም አላለም። ማሂሮ ከፖሊስ ጣቢያው ስትወጣ ቺዙሩን ሳታያት «ተናገርሽ» አለች። አልፋትም ሄደች።

ሲመሽ የምድር ባቡሩ ደረጃ ላይ ተሰለፉ። ሌሎቹ ቡድኖች ቀድመው ወርደዋል። እትዬ ሙራኦካ እስከዚህ ድረስ ካልሸኘኋቸው አልሄድም ብለው ባንዲራቸውን ይዘው ከፊት ቆሙ፤ ጀርባቸውን ሰጥተው፣ እንደ ቅድሙ።

«ቁጥር» አሉ። ድምፃቸው ደክሟል።

አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት፣ አራት።

«አምስት» አለች ቺዙሩ።

ከኋላዋ ምንም አልመጣም። ማሂሮ እዚያው እንዳለች ታውቃለች፤ ትንፋሿ ይሰማታል። ሰዎች በግራም በቀኝም እያለፏቸው ይወርዳሉ። እትዬ ሙራኦካ ጠበቁ፤ አልዞሩም።

«በይ ጥሪላት እንጂ» አለ ኢሳሙ ከፊት። «ለምደሽው የለም?»

ቺዙሩ እጇን ኪሷ ውስጥ ከተተች፤ ከረሜላው በሙቀቱ ለስልሶ ወረቀቱ ላይ ተጣብቋል። አንዱን ይዛ፣ ሳትዞር፣ እጇን ወደ ኋላ ዘረጋች። ክንዷ እስኪዝል ድረስ እንደዘረጋች ቆየች። ከዚያ ቀዝቃዛ ጣቶች መዳፏን ነኩትና ከረሜላው ከእጇ ላይ ቀለለ።

«ስድስት» አለች ማሂሮ።

ድምፅዋ ቺዙሩ ከሰዓቱን ሙሉ ስታስመስለው ከዋለችው በጣም ይቀጥን ነበር።