የአበባ ፖቷ እባብ

ፖቱ ሲሚንቶው ላይ ወድቆ ሲከሰከስ የሎዛ አንድ እግር ገና አየር ላይ ነበር። ዳንስ እየተለማመደች መሆኑ ነው። አበባ ውሃ አጠጡ ተብለው ከክፍል የወጡት ሁለቱ ብቻ ናቸው። ኸሊዳ ጆጉን ተሸክማ ስትመላለስ፣ ሎዛ ከርዕሰ መምህሩ ቢሮ ፊት ለፊት ስትሽከረከር ቆይታ ትልቁን ፖት በዳሌዋ ገጭታ ጣለችው።

ኸሊዳ አልደነገጠችም። እንዲያውም ትንሽ ደስ አላት። እነዚያን ፖቶች ከመጡበት ቀን ጀምሮ ትንቃቸው ነበር። የክፍሎቹ ቬንትሌተር ከቆመ ዓመታት አልፈዋል፤ የሴቶች መጸዳጃ ቤት በር ተገንጥሎ ግድግዳ ተደግፏል። ርዕሰ መምህሩ አቶ እሸቴ ግን እንግዶች ይመጣሉ ሲባሉ መጀመሪያ የታያቸው አበባ ነው። ከአዋሽ በአይሱዙ ተጭኖ መጣላቸው። በሰመራ ፀሐይ፣ ግመል እንኳን ጥላ በሚፈልግበት ሰዓት፣ ተማሪ ከቦቴ የተቀዳ ውሃ እየተሸከመ የአቶ እሸቴን አበባ ያጠጣል። አበባው ደግሞ ምስጋና ቢስ ነው፤ ቢያጠጡትም ይጠወልጋል።

«በናትሽ ኸሊ፣ ምን ልበል?» አለች ሎዛ።

ኸሊዳ ከተበተነው አፈር ውስጥ አንድ ነገር ሲላወስ አይታ ቁጢጥ ብላ ነበር። ትል መስሏት በጣቷ ነካችው። ጥቁር፣ የሚያብለጨልጭ፣ ከእስክሪፕቶ ቀፎ እምብዛም የማይወፍር ነገር ነው። መዳፏ ላይ ስታደርገው በጣቶቿ መሃል ሰርስሮ ሊገባ ታገለ። ጭንቅላቱ በየት በኩል እንደሆነ፣ ጅራቱ በየት እንደሆነ አይለይም፤ ዓይን የሚባልም አይታይም። ክር የምታህል ምላስ ብልጭ ስትል ነው እባብ መሆኗን ያወቀችው። ሰው ሁሉ ሲሰማው የሚዘልበትን ስም የያዘችው ይህቺ ሚጢጢ መሆኗ አሳቃት።

የቢሮው በር ተከፈተ። ኸሊዳ እባቧን አፈሩ ላይ ለቀቀቻት፤ ወዲያው ሰርስራ ገባች። ሎዛ ደግሞ ለመዋሸት ትንሽ እንኳን አላመነታችም።

«እባብ፣ ቲቸር፣ እባብ!» ብላ ከክርኗ እስከ ጣቶቿ ጫፍ አሳየች። «ቀና ብላ ልትነድፈን ስትል ነው ፖቱን የገፋሁባት።»

አቶ እሸቴ ከወጡበት ፍጥነት በበለጠ ፍጥነት ተመልሰው ገቡና በሩን ገርበብ አድርገው በክፍተቱ ማየት ጀመሩ። ዘበኛው ባህሩ ነጭ ጋዝ ይዞ መጥቶ አፈሩንም፣ አበባውንም፣ ውስጡ ያለችውንም አንድ ላይ አቃጠላቸው። እሳቱ ሲበርድ አቶ እሸቴ ወጡና ኸሊዳን እሷም እባቡን አይታ እንደሆነ ጠየቋት።

«አይቻለሁ» አለች ኸሊዳ።

ውሸት አልነበረም። እባብ አይታለች። ስለ ርዝመቱ የጠየቃት የለም፤ ያልተጠየቀችውን ተናግራ ለእነዚህ ሰዎች መድከም ደግሞ አላሰኛትም።

በማግስቱ ሰልፍ ላይ ለሎዛ ተጨበጨበላት። አቶ እሸቴ ማይክራፎን ይዘው ስለ ቆራጥነት ተናገሩ፤ እሳቸው በር ይዘው የቆሙበትን ክፍል ግን ዘለሉት። ሎዛ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ አንገቷን ደፋች። ትሕትና መሆኑ ነው። ኃይለ ልዑል የሚባለው የክፍላቸው ልጅ ደግሞ ሰሞኑን የእባብ ሽታ ሲሸተው እንደነበር ማለ፤ የእባብ ሽታ ምን እንደሚመስል የጠየቀው አልተገኘም። ኸሊዳ ከኋላ ቆማ በሆዷ ሙድ ያዘችባቸው። እንዲህ ያለ ደደብ ሰልፍ በሕይወቷ አላየችም።

ከጎኗ የቆመችው ሀምዳ አላጨበጨበችም። ሀምዳ ከሰርዶ ወዲያ ካለ መንደር መጥታ አጎቷ ቤት እየኖረች የምትማር የአፋር ልጅ ናት። ኸሊዳ ትምህርት ቤቱ ውስጥ የማትንቀው ሰው ቢኖር እሷን ብቻ ነው። ሒሳብ ላይ ትበልጣታለች፤ በልጣትም አትኮራባትም። እባቡ እውነት ያን ያህል ነበር ወይ ብላ ስትጠይቃት ግን ኸሊዳ ትከሻዋን ብቻ ሰበቀች። ቀልዱን ገና አልጠገበችውም ነበር።

አመሻሽ ላይ በአባቷ ስልክ ፈልጋ እባቧን አገኘቻት። የአበባ ፖት እባብ ይሏታል። መነሻዋ እስያ ነው፤ ከተክል አፈር ጋር ተደብቃ በመርከብና በመኪና እየተጫነች ዓለምን አዳርሳለች። ዓይኖቿ በቅርፊት የተሸፈኑ ናቸው፤ ብርሃንን ከጨለማ ቢለዩ ነው። የጉንዳንና የምስጥ እጭ ትበላለች። መርዝ የላትም። ወንድ የሚባል ዘርም የላትም፤ ሁሉም ሴቶች ናቸው፤ አንዷ ብቻዋን ትራባለች። ኸሊዳ ይህን ስታነብ ከመላው ትምህርት ቤት እባቧ የተሻለ ቁም ነገር ያላት መስሎ ታያት።

ውሸቱ ግን ትምህርት ቤት ውስጥ አልቀረም። የኸሊዳ አባት ጀማሉዲን ከወሎ መጥቶ በጅቡቲ መንገድ ዳር ምግብ ቤት የከፈተ ሰው ስለሆነ፣ የከባድ መኪና ሾፌሮች የሚያወሩት ሁሉ እሷ ጆሮ ይደርሳል። ከዲቾቶ የመጣ አንድ ሾፌር እባቡ የመኪና ጎማ ያህል ይወፍራል አለ። ሌላው ሰርዶ ላይ እባቡ ተማሪ ገደለ ሲባል ሰምቶ ከልቡ አዘነ። ኸሊዳ ሻይ እያቀረበች በሆዷ ሳቀች፤ የሀምዳ ቦታ ክፍል ውስጥ ባዶ ሆኖ እስካየችው ቀን ድረስ።

አጎቷ አስቀርተዋታል። ትምህርት ቤቱ ከእባብ እስኪጸዳ ወደ እናቷ ትመለሳለች ተባለ። ሚኒስትሪ ሊፈተኑ ደግሞ ሳምንት አልቀራቸውም። የሀምዳ ታላቅ እህትም እንዲሁ ለጥቂት ጊዜ ብላ ሄዳ በዚያው ቀርታለች። ይህን ሀምዳ ራሷ ነግራታለች።

ኸሊዳ ሎዛን ከክፍል ጀርባ ወስዳ ዛሬውኑ አቶ እሸቴ ጋ ገብታ እውነቱን እንድትናገር አዘዘቻት።

«አታካብጂ» አለች ሎዛ። «አባቴ ለመሥሪያ ቤቱ ሰው ሁሉ አውርቷል። አሁን ሄጄ ውሸቴን ነው ልበለው? ደሞ አንቺም አይቻለሁ ብለሻል።»

«እባብ አይቻለሁ ነው ያልኩት።»

«ታዲያ ከእኔ በምን ተሻልሽ?»

ኸሊዳ ዘወትር የምትንቃት ልጅ አፏን ስላስያዘቻት ተናደደች። ሎዛ ቢያንስ የዋሸችው ፈርታ ነው። እሷ ግን የምትፈራው ነገር ሳይኖር፣ ሰው ሲጃጃል ለማየት ብላ ነው ዝም ያለችው። ያን ቀን ወደ ቤቷ ስትሄድ ከሁሉም አብልጣ የናቀችው ራሷን ነበር።

በማግስቱ ጠዋት አንድ አይሱዙ ምግብ ቤታቸው በር ላይ ቆመ። ሀምዳ ጋቢና ውስጥ ተቀምጣለች፤ ሻንጣዋ ከላይ ታስሯል። አጎቷ መሀመድአሚን ከጉዞው በፊት ሻይ ሊጠጡ ከሾፌሩ ጋር ገቡ። የሎዛ አባት አቶ ስዩም ቀጥሎ ካለው ጠረጴዛ ፉል እየበሉ ነበርና ሰላምታው ሳያልቅ የልጃቸውን ጀብዱ ይተርኩላቸው ጀመር።

መሀመድአሚን ሳያቋርጡ ሰሟቸው። አፋሮች መንገድ ላይ ሲገናኙ ቁጭ ብለው ዳጉ ይለዋወጣሉ፤ ያዩትንና የሰሙትን ይነጋገራሉ ማለት ነው። ማን እንዳየ፣ ከማን እንደተሰማ ሳይጠራ የሚያልፍ ወሬ የለም። ውሸት ያወራ ሰው ስሙ ከውሸቱ ጋር አብሮ ይዞራል፤ ከዚያ ወዲያ የሚያዳምጠው አያገኝም። ሰመራ ያደገ ልጅ ሁሉ ይህን ያውቃል።

«አይተሃል ወይስ ሰምተሃል?» አሉ መሀመድአሚን።

«ልጄ ናት የነገረችኝ። በዓይኗ ያየች» አሉ አቶ ስዩም።

«ሌላ ያየ አለ?»

አቶ ስዩም ዳቦ በያዘው እጃቸው ወደ ኸሊዳ ጠቆሙ። «ይቺም ነበረች። ይጠይቋት።»

ኸሊዳ የሻይ ትሪ እንደያዘች ቆመች። አንድ ቃል፣ አይቻለሁ ብቻ ብትል፣ አሁንም ውሸት አይሆንም ነበር። አይሱዙው ይሄዳል፤ አቶ ስዩም ፉላቸውን ይጨርሳሉ፤ ሎዛም ጓደኛዋ እንደሆነች ትቀጥላለች። በመስኮቱ ሀምዳ ታየቻት። አታለቅስም። የሒሳብ መጽሐፏን ጭኗ ላይ ዘርግታ በጣቷ እየተከተለች ታነባለች።

ኸሊዳ ትሪውን አስቀምጣ ወንበር ሳበችና ከመሀመድአሚን ፊት ተቀመጠች። ከመጀመሪያው ጀምራ ነገረቻቸው። ፖቱን ማን እንደጣለው፣ እባቧ ምን እንደምታህል፣ መዳፏ ላይ አድርጋት ምንም እንዳላደረገቻት ተናገረች። ከስልክ ያገኘችውን ሲሆን ይሄ ያነበብኩት እንጂ ያየሁት አይደለም ብላ ለየችላቸው። አቶ ስዩም መብላት አቁመው ነበር። ፊታቸው ሲለዋወጥ አየች። ሳቅ ይመጣብኛል ብላ ነበር፤ አልመጣም። አሳዘኗት።

«ይሄን ለትምህርት ቤቱ ሰውዬ ለምን አልነገርሽም?» አሏት መሀመድአሚን።

«ንቄያቸው» አለች። ሌላ ምክንያት ብትፈልግ አላገኘችም።

አልተቆጧትም፤ አላመሰገኗትምም።

«እባቡ ተቃጥሏል። የስዩም ልጅ አንድ ትላለች፣ አንቺ ሌላ ትያለሽ» አሉ። «ሾፌሩ መንደሩ ሲደርስ የሀምዳ እናት ልጄ ለምን አልመጣችም ትለዋለች። የጀማሉዲን ልጅ ኸሊዳ ያየችው ይሄ ነው ብሎ ይነግራታል። ከዚያ እያንዳንዱ ሰው ስምሽን ጠርቶ ያስተላልፈዋል። ውሸት ከሆነ የአባትሽም ስም አብሮ ይሄዳል። ወሬሽን ይውሰደው?»

ኸሊዳ ወደ ባንኮኒው ዞረች። አባቷ ብርጭቆ እያደረቀ ነበር፤ ዓይኑን ግን ከሷ አላነሳም። ከአሁን በኋላ ሎዛ እንደማታናግራት ታውቃለች። ትምህርት ቤትም ሄዳ አቶ እሸቴ ፊት ይሄንኑ መድገም ይኖርባታል፤ እሳቸውም አይቻለሁ ብለሽኝ አልነበር ወይ ይሏታል።

«ይውሰደው» አለች።

መሀመድአሚን ሻያቸውን ጨርሰው ተነሱና ሾፌሩን የሀምዳን ሻንጣ እንዲያወርድ ነገሩት።