አሥራ አራት ዲግሪ ወደ ቀኝ

አባ ታደገ ሞተው የተገኙት ዓርብ እኩለ ቀን ላይ፣ እስራኤል ውስጥ ከቤር ሼቫ ወደ ዲሞና በሚወስደው መንገድ ዳር ነው። ነጭ መኪናቸው በቀኝ በኩል ከአስፋልቱ ወጥታ የኤሌክትሪክ ምሰሶ ገጭታለች። እሳቸውም መሪውን በሁለት እጃቸው እንደያዙ በደረታቸው ተደፍተውበታል። መንገዱ ቀጥ ያለ ነው፤ አስፋልቱም ደረቅ። ከሩቅ ያየ አንድ የጭነት መኪና ሾፌር፣ «ሰው በገመድ የሳባት ይመስል ድንገት ወደ ቀኝ ታጠፈች» አለ። ከዚያ በላይ የሚያውቅ አልተገኘም።

የትራፊክ አደጋ መርማሪዋ ኦስናት ስትደርስ አስከሬኑ በነጭ ጨርቅ ተሸፍኖ ነበር። በዚህ ሥራ አሥራ ዘጠኝ ዓመት ቆይታለች። በአደጋ ቦታ ብዙ ጊዜ የሟች ስልክ ይጮኻል፤ ሚስት ወይም ልጅ «የት ደረስክ?» ለማለት ይደውላል። ኦስናት ያንን ድምፅ ትጠላዋለች። የአባ ታደገ ስልክ ግን እሷ እዚያ በቆየችባቸው ሁለት ሰዓታት አንዴም አልጮኸም። ይኼኛው ዝምታ ባሰባት።

አለቃዋ ደወለ።

«ምን አገኘሽ?»

«የሰባ አራት ዓመት ሰው ናቸው። ሽኩና ዳሌት ሰፈር ብቻቸውን ይኖሩ ነበር።»

«ብቸኛ ሽማግሌ፣ ባዶ መንገድ፣ ቀጥታ ወደ ምሰሶ። ራሳቸውን ነው ያጠፉት። ፋይሉን ዝጊው።»

ኦስናት አስፋልቱ ላይ ቁጢጥ ብላ ጥቁሩን የጎማ መስመር ተመለከተች።

«አልዘጋውም» አለች። «ሰው ፍሬን ሲረግጥ ጎማው በሁለቱም በኩል ይያዛል። እዚህ ግን መጀመሪያ የተያዘው የቀኙ ብቻ ነው። የሰው እግር እንዲህ ማድረግ አይችልም። የያዘችው መኪናዋ ራሷ ናት።»

እሑድ ከቀብሩ በኋላ ወደ ሐዘን ቤቱ ሄደች። አባ ታደገ ይኖሩበት በነበረው ሦስተኛ ፎቅ፣ ከምኩራብ የመጡ ሃያ የፕላስቲክ ወንበሮች በግድግዳው ዙሪያ ተደርድረዋል፤ ሰው የተቀመጠባቸው ግን አራቱ ብቻ ናቸው። አንደኛው ላይ የሟች ብቸኛ ልጅ ኦምሪ ተቀምጧል። ዕድሜው ወደ ሠላሳ አምስት ይጠጋል፤ ዲሞና ነው የሚኖረው። ወደ በረንዳው ይዛው ወጣች።

«አባትህን መጨረሻ ያየሃቸው መቼ ነው?»

«በሲግድ በዓል። ሁለት ወር አልፎታል።»

«በስልክስ?»

«አልተደዋወልንም። ሥራ ነው፤ ታውቂዋለሽ።» ዐይኑን መለሰና ድምፁን ከፍ አደረገ። «ግን ማን እንደገደለው ልንገርሽ። ኤሊያቭ የሚባለው መካኒክ ነው። ሐሙስ የመሪውን ሴንሰር ቀየረ፣ ዓርብ አባቴ ሞተ። ሌላ ምን ማስረጃ ትፈልጊያለሽ? ከስሼ አሳስረዋለሁ!»

ኦስናት የተናገረውን ቃል በቃል ማስታወሻዋ ላይ ጻፈች።

«አንተስ ስለ መኪና ታውቃለህ?»

«ሠራዊት ውስጥ ጥገና ክፍል ነበርኩ። ድሮ ነው።»

ስትወጣ ደረጃው ላይ የሟችን ጎረቤት እማማ አጸደን አገኘቻቸው። ከጎንደር ከመጡ ገና አራት ዓመታቸው ነው። ለለቀስተኛው ብለው የሠሩትን ምግብ ሳይነካ ይዘው ይመለሱ ነበር።

«እማማ፣ ዓርብ ዕለት አባ ታደገን አይተዋቸዋል?»

«ጠዋት እታች አግዳሚው ላይ ተቀምጠው ነበር። እንዳስለመዱት።»

«መኪናቸውስ?»

«መኪናዋ በቦታዋ አልነበረችም» አሉ፤ ወዲያው ግን የተናገሩት ቆጫቸው። ወደ ሐዘንተኛው በር አየት አደረጉ። «እኔ ምን አውቃለሁ ልጄ። አሮጊት ነኝ።»

ኦስናት አልተጫነቻቸውም። እያወቁ የማይናገሩት ነገር እንዳለ ግን ገባት።

የኤሊያቭ ጋራዥ ታሃና መርካዚት የሚባለውን የአውቶቡስ መናኸሪያ አልፎ፣ ከገበያው ጀርባ ነው። ኤሊያቭ አርባዎቹ ውስጥ ያለ፣ ትከሻ ሰፊ ሰው ነው። ስታየው ከዓርብ ጀምሮ እንቅልፍ የተኛ አይመስልም።

«ሴንሰሩ ሥራው ምንድን ነው? ለማያውቅ ሰው እንደምትነግር ንገረኝ» አለችው።

«መሪው ስንት ዲግሪ እንደዞረ ለመኪናዋ ኮምፒውተር ይነግራል። ኮምፒውተሩ ሾፌሩ ወዴት መሄድ እንደፈለገ የሚያውቀው በእሱ ነው። መኪናዋ ወደዚያ ካልሄደች ተንሸራተተች ይልና፣ የአንዱን ጎን ፍሬን ብቻ ይዞ ይጎትታታል።»

«ሴንሰሩ ከዋሸስ?»

«ቀጥ ብላ የምትሄደውን መኪና ከመንገድ ያስወጣታል።»

«ሐሙስ ዕለት ምን ሆነ?»

«ከዚያ በፊት ያለውን ልንገርሽ» አለና ግድግዳው ሥር ወዳለች ወንበር ጠቆመ። «ባለፈው ዓመት አምስት ጊዜ መጡ። "ኤሊያቭ ልጄ፣ የማስጠንቀቂያ መብራቱ በራብኝ" ይሉኛል። አምስቱንም ጊዜ የሴንሰሩ ሶኬት ተነቅሎ ነው ያገኘሁት። ራሳቸው ነበሩ የሚነቅሉት።»

«ለምን?»

«እዚህ ለመቀመጥ። እሰካላቸዋለሁ፤ ሻይ እንጠጣለን፤ የሚገባ የሚወጣውን ሰው ያያሉ። ከዚያ መርቀውኝ ይሄዳሉ። በስድስተኛው ሥራ በዝቶብኝ ነበርና ተቆጣሁ። ሶኬቱን በፕላስቲክ ማሰሪያ አሰርኩትና "አባባ፣ ከእንግዲህ እንዳይነኩት" አልኳቸው። አንገታቸውን ደፍተው ወጡ። ሦስት ወር ጠፉ።»

«ሐሙስስ?»

«ሐሙስ እውነት ነበር። ማሰሪያው እንዳለ ነው። ኮምፒውተሬን ሰክቼ መሪውን ቀስ እያልኩ ሳዞረው ቁጥሩ ይዘላል፦ ሦስት፣ አራት፣ ከዚያ ድንገት አርባ። ሴንሰሩ ሞቷል። አዲስ ገጠምኩ፤ ጎማዎቹን ቀጥ አድርጌ ዜሮው የት እንደሆነ አስተማርኩት። ሶኬቱን መልሼ አሰርኩት። ነድቼም ሞከርኳት።» ወረቀት አወጣ። ሰዓቱና ውጤቱ ታትሞበታል፤ ዜሮ ዲግሪ ይላል። «መሪውን የሚያስረውን ዳዶ ካጠበቅሁ በኋላ በአረንጓዴ ቀለም አሰምርበታለሁ። ልማዴ ነው።»

ኦስናት ወረቀቱን ይዛ ተነሣች። ኤሊያቭ እስከ በሩ ተከተላት።

«እኔ ገድያቸው ይሆን?» አላት።

ማግስቱን ሙሉ በፖሊስ ግቢ ከመኪናዋ ጋር ብቻዋን ዋለች። አደጋ መዝጋቢውን መሣሪያ አነበበች። መኪናዋ ቀጥ ብላ ስትሄድ ሴንሰሩ «አሥራ አራት ዲግሪ ወደ ቀኝ» ይል ነበር። ከዚያ አባ ታደገ መሪውን ወደ ግራ ሲያዞሩ፣ ፍሬንም ሲረግጡ ተመዝግቧል። የሶኬቱ ማሰሪያ አልተነካም። የመሪውን ኤርባግ አወጣች፤ አልተከፈተም ነበር፤ ቢጫው ሶኬት ግማሹ ብቻ ገብቷል። ከሥሩ ያለው ዳዶ ላይ የኤሊያቭ አረንጓዴ መስመር ለሁለት ተሰብሯል። መሪውም ከነበረበት ጥርስ ፈቀቅ ብሎ ነው የታሰረው። በመጨረሻ መሬት ላይ ተኝታ ወደ ፊተኛው የግራ ጎማ ተሳበች። ምሰሶው የመታው ቀኙን ሆኖ ሳለ፣ የግራው ቸርኬ ጠርዝ ተቦጭቆ ጥቁርና ነጭ ቀለም ነክቶታል፤ ጎማውን ከመሪው የሚያገናኘው ዘንግም ጎብጧል።

ተነሥታ ልብሷን አራገፈች። ማን እንደሆነ አውቃለች። ደስታ ግን አልተሰማትም።

ሰባቱ የሐዘን ቀናት እንዳለቁ ሦስቱንም ወደ ፖሊስ ግቢ ጠራቻቸው። ኦምሪ ጢሙን ሳይላጭ መጣ። ኤሊያቭ ከእሱ ርቆ ቆመ። ለእማማ አጸደ ወንበር አመጡላቸው። በመካከላቸው የተጨማደደችው ነጭ መኪና ነበረች።

«አባ ታደገ ራሳቸውን አጠፉ ተብሎ ነበር» ስትል ጀመረች ኦስናት። «አላጠፉም። መኪናዋ ወደ ቀኝ ስትጎትታቸው እሳቸው ወደ ግራ አዞሩ፣ ፍሬን ረገጡ። እስከ መጨረሻው ለመኖር ታገሉ።»

እማማ አጸደ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አደረጉ።

«ሶኬቱንም አልነቀሉም፤ ማሰሪያው እንዳለ ነው። ስለዚህ ስሕተቱ የእሳቸው አይደለም።»

«የእሱ ነው!» አለ ኦምሪ ኤሊያቭን እየጠቆመ። «አልነገርኩሽም?»

«ኤሊያቭ ሐሙስ ማታ ሲያስረክብ ሴንሰሩ ዜሮ ላይ ነበር፤ ወረቀቱ እጄ ላይ ነው። መሪውንም አስሮ አረንጓዴ መስመር አሰመረበት። ያ መስመር ዛሬ ተሰብሯል። ከሐሙስ ማታ በኋላ ሌላ ሰው መሪውን ፈትቷል።»

«ማን ይፈታዋል?» አለ ኤሊያቭ ግራ ተጋብቶ።

«ለምን ተፈታ ብለህ ጠይቅ። እዚህ የግራ ጎማ ላይ ጥቁርና ነጭ ቀለም አለ። አደጋው የደረሰበት መንገድ ዳሩ አፈር ነው፤ ቀለም የለውም። ጥቁርና ነጭ የሚቀባው የኪካር ጠርዝ ነው፤ አደባባዩን ስትዞሩ ደግሞ ጠርዙ በግራችሁ ነው። አንድ ሰው ዓርብ ጠዋት መኪናዋን ነድቶ ከአደባባይ ጋር አጋጫት። ዘንጉ ጎበጠ። ከዚያ ወዲያ መኪናዋ ቀጥ እንድትል መሪውን ጠመም አድርጎ መያዝ ግድ ሆነ። ይህን ደግሞ ባለቤቷ ወዲያው ያያል።»

ኦምሪ መሬት መሬት ያይ ጀመር።

«ያ ሰው ዘንጉን አልቀየረም። መሪውን ፈታና ቀጥ አስመስሎ መልሶ አሰረው። የበራውን የማስጠንቀቂያ መብራት ስልኩን ከመኪናዋ ኮምፒውተር ጋር አገናኝቶ አጠፋው። ለዐይን ሁሉም ነገር ደህና ሆነ። ሴንሰሩ ግን ያለው ከሥር ነው፤ እሱን ማታለል አይቻልም። "ሾፌሩ አሥራ አራት ዲግሪ ወደ ቀኝ እየዞረ ነው" ማለቱን ቀጠለ። ከተማ ውስጥ በዝግታ ስትነዳ ችግር አልነበረም። በሰፊው መንገድ ላይ ፍጥነት ሲጨምር ኮምፒውተሩ ቀኙን ያዘ። ኤርባጉ ደግሞ በችኮላ ተሰክቶ ስለነበር አልተከፈተም።»

«ይህን መሥራት የሚችል ብዙ ሰው አለ» አለ ኦምሪ።

«አለ። አንተ ግን አባትህን ከሲግድ ወዲህ አላየሁም፣ አልደወልኩም አልከኝ። ወዲያው ደግሞ "ሐሙስ ሴንሰሩን ቀየረ" አልክ። የጥገናው ደረሰኝ መኪናዋ ውስጥ ነበር፤ መኪናዋ ደግሞ እኔ ጋ። ኤሊያቭ ለማንም አልተናገረም። ሐሙስ የሆነውን ሊነግሩህ የሚችሉት አባትህ ብቻ ናቸው፤ ከሐሙስ በኋላ የኖሩት ደግሞ አንድ ጠዋት ብቻ ነው።»

ከግቢው ውጭ አውቶቡስ አለፈ።

«የሥራ ፈተና ነበረብኝ» አለ ኦምሪ በመጨረሻ። «ቁልፉን በር ላይ ተቀበልኩት። "ኤሊያቭ ትናንት ሴንሰር ቀይሮልኛል፣ አሁን እንደ ቅቤ ነው የምትሄደው" አለኝ። አልገባሁም፤ ቸኩዬ ነበር። ስመለስ ኪካሩ ላይ... ከሕንፃው ኋላ አቁሜ መሣሪያ ተበደርኩና ሠራኋት። ቁልፉን ፖስታ ሳጥን ውስጥ ጥዬ ሄድኩ።»

«ለምን አልነገርካቸውም?»

«"የምትመጣው መኪናዋን ስትፈልግ ብቻ ነው" እንዳይለኝ። እውነቱን ስለሆነ።»

«ሰው ልታሳስር ነበር እኮ!» አለ ኤሊያቭ። ወደ እሱ አንድ እርምጃ ተራመደና ቆመ። ቁጣውን ምን እንደሚያደርገው የጠፋበት ይመስላል።

«አባትህ አይተውሃል» አሉ እማማ አጸደ።

ሁሉም ዞሩ።

«በመስኮት። እኔንም ጠሩኝ። "ነይ እይ አጸደ፣ ልጄ መኪናዬን እየሠራልኝ ነው" አሉኝ። ወርደው ያነጋግሩት አልኳቸው። "አይ፣ ካየኝ ቶሎ ጨርሶ ይሄዳል" አሉ። አንድ ሰዓት ሙሉ ቆመው አዩህ። ስትሄድ ነጭ ሸሚዛቸውን ለበሱ። "እንዲህ ከደከመልኝ፣ ሄጄ ማመስገን አለብኝ" ብለው ቁልፉን ከፖስታ ሳጥኑ ወስደው ሄዱ። ወደ ዲሞና።»

«እማማ፣ ይህን ሁሉ እያወቁ ለምን ደበቁኝ?» አለች ኦስናት።

«እሳቸው ልጃቸውን አሳልፈው አይሰጡም ነበር፤ እኔ እንዴት ልስጠው?»

ኦምሪ ከመኪናዋ ጎን መሬት ላይ ተቀመጠ። ከዚያ ቀና ብሎ ሳያይ ጠየቀ።

«እቤቴ መጥቶ አያውቅም። ምን ሊለኝ ነበር?»

«ምን ይሉሃል» አሉ እማማ አጸደ። «ሰንበት ነው፣ ሻባትን አብረን እንዋል ሊሉህ ነበር።»

ኦስናት በሩ ላይ የቆመውን ፖሊስ ጠርታ ኦምሪን ማስያዝ ነበረባት። ትንሽ ይቆይ ብላ ማስታወሻዋን ዘጋች።