ግድግዳው ገና ይሰማ ነበር

በቅበላ ሰኞ ረፋድ ላይ በግንበኛው በሳቱርኒኖ ዋልፓ ቤት የነበሩት ሚስቱ ኤውሎኺያ፣ ሴት ልጁ ኒካሲያ፣ ወንድሙ ኢላሪዮን፣ እጆቹ በገመድ የታሰሩት ከበሮ መቺ ፎርቱናቶ፣ እንዲሁም ከከተማ በጭነት መኪና የመጣችው መርማሪ ሻምበል ኦዲሊያ ቾኬ ነበሩ። ሳቱርኒኖ ራሱ ጠረጴዛ ላይ ተጋድሟል። አንሶላው ከእጆቹ በቀር ሁሉንም ሸፍኖታል። እጆቹ እስከ አንጓቸው ድረስ ግራጫ ጭቃ ደርቆባቸዋል፤ ቢያጥቡትም አልለቅ ብሏል።

በዋይራፓታ መንደር ቤት የሚሠራው በሰሚ ጭቃ ነው። ጭቃው ጸጥታ ካገኘ ቶሎ ይጠነክራል፤ ከበሮና ጭፈራ ሲያናውጠው ግን መልሶ ይለሰልሳል። ዓመት ሲሞላው ይደነቁራል፤ ከዚያ ወዲያ ድንጋይ ነው። ስለዚህ አዲስ ጭቃ ያለበት ቤት በሩ ላይ ቀይ ክር ያስራል። ጨፋሪዎችም ክሩን ሲያዩ በሌላ መንገድ ይዞራሉ።

«ትናንት ክሩ በሩ ላይ አልነበረም» አለች ሻምበሏ።

«ይሄ ነዋ የበጠሰው!» አለ ኢላሪዮን ወደ ፎርቱናቶ እየጠቆመ። «ወንድሜ ልጄን አልሰጥህም ስላለው ቂም ያዘ። ደጃፋችን ላይ ተገትሮ ያንን በርሜል የሚያህል ከበሮውን ደልቆ ግድግዳውን ወንድሜ ላይ ናደው። ገዳይ!»

«ጋሼ ኢላሪዮን፣ እኔ ስደርስ ክር የለም። ደግሞ በምኔ ልበጥሰው? ሁለቱም እጄ ከበሮው ላይ ነበር።»

«በአፍህ ነዋ! እሱ መቼ ሥራ ፈትቶ ያውቃል?»

ፎርቱናቶ ደጃፉ ላይ የቆመው ያለምክንያት አልነበረም። በቅበላ አንድ ወጣት የወደዳት ልጅ ደጅ ላይ ከበሮ ከመታ፣ አባቷ በሩን ከፍቶ ሰው ሁሉ እየሰማ መልስ መስጠት አለበት። አሁን ግን ጥፋተኛ ከተባለ የሚጠብቀው ወህኒ ነው። ኒካሲያ ውጭ የቆመውን መኪና አንድ ጊዜ አየችና ዳግመኛ ወደዚያ አልዞረችም።

ሻምበሏ ወደ ጓዳው ገባች። የተደረመሰው ግድግዳው በሙሉ ሳይሆን ከአልጋው ጎን ያለው አራት ማዕዘን ቦታ ብቻ ነበር። ዙሪያው የቆመው ጭቃ ነጭ ነው፤ የወደቀው ግን ግራጫ።

«እዚህ መስኮት ነበር?»

«ነበር። ባለፈው ቅበላ ማግሥት እኔና ወንድሜ ደፈንነው» አለ ኢላሪዮን። «አዲስ ድንች ቀቅለን እየበላን። ይሄ ልጅ መስኮቱ ሥር ሲዘፍን አድሮ ነበር። ድምፁስ ቢያምር አንድ ነገር ነው!»

ሻምበሏ ኒካሲያን አልጋው ላይ አስቀምጣ አጠገቧ ተቀመጠች።

«ከበሮው ሲመታ የት ነበርሽ፣ የኔ ልጅ?»

«እዚሁ። በደንብ ልስማው ብዬ ጆሮዬን ግድግዳው ላይ ለጥፌ ነበር። አባዬ ሮጦ ገባ። ጸጉሬን ይዞ ወደ ጓሮ ወረወረኝ። ‹ውጪ!› አለኝ። የመጨረሻ ቃሉ እሱ ነው። እንደጠላኝ ሞተ፣ ሻምበል።»

ሻምበሏ ሹሩባዋን ትክ ብላ አየችው።

«ማን ሠራሽ?»

«እማዬ ናት። ትናንት ጠዋት፣ ጨፋሪዎቹ ሳይመጡ።»

ሻምበሏ ሁሉንም ጠርታ ጓዳው ውስጥ ሰበሰበቻቸው።

«ክሩ ቢበጠስ ኖሮ ሚስማሩ ላይ ቁራጭ ይቀር ነበር። ምንም የለም። የፈታው የማይቸኩል እጅ ነው።» የኒካሲያን ሹሩባ ጫፍ አነሳች። የታሰረበት ቀይ ክር በአንድ ጎኑ ወይቧል፤ ተጣጥፎ ተደብቆ የነበረው ጎኑ ግን ደማቅ ነው። «ይህን ክር ፀሐይና ዝናብ ሲፈራረቁበት ከርመዋል። የጸጉር ክር ውጭ አይከርምም። ወይዘሮ ኤውሎኺያ?»

ኤውሎኺያ ግድግዳውን ተደግፋ ቁልቁል ተንሸራትታ ተቀመጠች።

«እኔ ነኝ የፈታሁት። ፎርቱናቶ ደጃችን እንዲመጣላት ብዬ። ከቅበላ እስከ ቅበላ ዓመት አይደል እንዴ? እናቴም እንዲህ ነው የምትቆጥረው። ሳቱርኒኖ ‹ገና አልሞላም› ሲለኝ ልጁን ለመከልከል ሰበብ የሚፈልግ መሰለኝ።»

«ባለፈው ቅበላ አዲስ ድንች በልታችኋል» አለች ሻምበሏ ቀስ ብላ። «ዘንድሮ ፎርቱናቶ ባርኔጣው ላይ የሰካው የድንች አበባ ነው። ድንቹ ገና አልደረሰም። ቅበላ ከፋሲካ ጋር ወዲህ ወዲያ ይላል፤ ዘንድሮ ቀደመ። ጭቃው ግን በዓል አይቆጥርም።»

ሻምበሏ ከወደቀው ጭቃ አንዱን ትልቅ ቁራጭ በሁለት እጇ አገላበጠች። ሁለት የመዳፍ ጉድጓዶች አሉበት፤ ጣቶቹ ወደ ላይ ተዘርግተዋል።

«ኢላሪዮን፣ ወንድምህን ከዚህ ነው ፈልፍላችሁ ያወጣችሁት። ሰው ራሱን ሲከላከል ክንዱን ፊቱ ላይ ያደርጋል። ወለሉን ደግሞ እዩት፤ ተረከዞቹ አፈሩን አርሰውታል። ይህ ሰው እየለሰለሰ የሚመጣውን ግድግዳ እየገፋ ይዞት ነበር። አንቺ ከበሩ እስክትወጪ ነው፣ ኒካሲያ። ‹ውጪ› ያለሽ ለዚህ ነው።»

ኒካሲያ ጣቶቿን አንድ በአንድ በአባቷ ጣቶች ጉድጓድ ውስጥ አስገባች። አላለቀሰችም።

ያለቀሰው ፎርቱናቶ ነው።

«ሲጮህ ሰምቼው ነበር» አለ። «የሚሰድበኝ መስሎኝ አብልጬ መታሁ።»

ኢላሪዮን ሄዶ አጠገቡ ቆመ።

ሻምበሏ ገመዱን ራሷ ፈታች፤ ማንንም ሳትይዝም ሄደች። ሳቱርኒኖ በማግሥቱ ከነጭቃ እጁ ተቀበረ። ከቀብር መልስ ኢላሪዮንና ፎርቱናቶ ቀዳዳውን በአዲስ ጭቃ ደፈኑ፤ ኒካሲያም ቀዩን ክር ከጸጉሯ ፈትታ በሩ ላይ አሰረችው።