ያልተረከቧት ነርስ

በሩን ገርበብ አድርጉት። አይ፣ ዝጉት፣ መዝጋቱ ይሻላል። መብራቱ እንደሆነ ጠፍቷል። ዝም ብለን ከምንፈራ እያወራን ብንፈራ ይሻላል።

የምነግራችሁ የቆየ ነገር ነው። የመንደሩን ስም አልናገርም፤ ዘመዶቻቸው ዛሬም አሉ፣ ሰው ይቀየመኛል። እኔ በዓይኔ አላየሁም። የነገረኝ ሰው ግን የሚዋሽ ሰው አልነበረም።

ጊዜው ክረምት ነው። ሰዓቱ ሰው ሁሉ የተኛበት፣ ጅብ የሚወጣበት ሰዓት ነው። ከጤና ጣቢያው እስከ መንደሩ አንዲት ቀጭን መንገድ አለች። በግራ ባሕር ዛፍ ነው። በቀኝ ገደል ነው። ቤት የለም። ውሻ እንኳ የለም። በዚያች መንገድ አንድ ሰው ብቻውን ይሄዳል።

ማነው? አጥናፉ ይባላል። ነርስ ነው።

በዚያ ሰዓት ከየት ይመጣል ትላላችሁ? ከሥራ ነዋ። ጠዋት ገብቶ ማታ መውጣት ነበረበት። ማታ የሚተካው ሰው አልመጣም። አደረ። ጠዋትም የሚተካው ሰው አልመጣም። ዋለ። እንደገና መሸ። ለምን አልመጡም? ነርሶቹ የትርፍ ሰዓት ይከፈለን ብለው ጠይቀው ነበር። ኃላፊው አቶ ልሳነወርቅ «በጀት የለም» አላቸው። አሁንም ጠየቁ። አሁንም «በጀት የለም» አላቸው። አንዱ ጥሎ ወደ ከተማ ሄደ። አንዷ ታመመችና ተኛች። የቀሩት የሁሉንም ተራ ይሠሩ ጀመር።

ምን አልሽ ደጊቱ? እሱስ ለምን ጥሎ አይሄድም? ነገሩ እዚህ ላይ ነው፣ ስሙኝ። ነርስ ሰዓቱ ደረሰ ብሎ ብድግ ብሎ አይወጣም። ያስረክባል። ከሚተካው ሰው ጋር አልጋ ላልጋ ይዞራል። ይሄ እንዲህ ሆኗል፣ ለዚያ ይሄን ስጠው ይለዋል። ያኛው «ተረክቤያለሁ» ይላል። ይህች ቃል እስካልተባለች የሕመምተኞቹ ነፍስ በእሱ እጅ ነው። ተረካቢ ከሌለ መውጣት የለም።

በዚያን ቀን ከሰዓት በኋላ ሚስቱ ጎረቤት ላከችበት። «ትርንጎ ሰውነቷ እሳት ሆኗል፣ ቶሎ ድረስ» ትለዋለች። ትርንጎ የመጀመሪያ ልጁ ናት። ሚስቱ አራስ ናት፣ ልጅቱን ተሸክማ በዝናብ አትወጣም። የተላከችውም በምርኩዝ የምትሄድ አሮጊት ናት። የትኩሳቱን መርፌ ለአሮጊቷ ይስጣት? ልጅቱን ማን ይወጋታል?

አጥናፉ ወደ አቶ ልሳነወርቅ ሄደ።

«ልጄ ታማብኛለች። ደርሼ ልምጣ» አለው።

«ማን ተረክቦህ?»

«እርስዎ ትንሽ ይቆዩልኝ።»

«እኔ የቢሮ ሰው ነኝ። መርፌ ይዤ አውቃለሁ? ተተኪ እንዲልኩ ነግሬያለሁ፣ ይመጣል። ደግሞ ልጅ ያለህ አንተ ብቻ አይደለህም።»

ተተኪው መጣ። መቼ? እኩለ ሌሊት ላይ። ከሌላ ጣቢያ የተላከች ሴት ናት፣ ዝናብ አበስብሷታል። አልጋ ላልጋ አዞራት። «ተረክቤያለሁ፣ ሂድ በቃ፣ ዓይንህ ደም ለብሷል» አለችው። መርፌውን ኪሱ ከተተና ወጣ።

እንግዲህ በዚያች መንገድ ላይ ነው። እግሩ ይሄዳል፣ ራሱ ግን ተኝቷል። ሰው እየሄደ ይተኛል ወይ? ይተኛል። ነርሶችን ጠይቁ።

መጀመሪያ ከኋላው ኮቴ ሰማ። ቆመ። ኮቴውም ቆመ። ሄደ። ኮቴውም ሄደ። ከቅጠል የሚንጠባጠብ ውሃ ነው አለ። ትንሽ እንደሄደ ቁስል የሚጠርጉበት አልኮል ሸተተው። ከራሴ ልብስ ነው አለ። ትንሽ እንደሄደ ከፊቱ ነጭ ነገር አየ። ጉም ነው አለ። ጉም ጋውን ይለብሳል? ይሄኛው ለብሷል።

ሴት ናት። ጀርባዋን ሰጥታው ቆማለች። ሲስተር የሺመቤት ናት። የሺመቤት ማን ናት? ከእሱ በፊት በዚያው ክፍል ትሠራ የነበረች ነርስ ናት። እሷም እንዲሁ ተተኪ አጥታ ስታድር ስትውል፣ ወንበር ላይ እንደተቀመጠች ሞተች። ሕመምተኞቹ የተኛች መስሏቸው እስኪነጋ ሲጠሯት አደሩ። ሳታስረክብ ነው የሞተችው። ገባችሁ? ሳታስረክብ።

አጥናፉ ነቅቶ ቢሆን ይሮጥ ነበር። ድካም ግን ፍርሃትንም ያደነዝዛል።

ፊቷን ሳታዞር መናገር ጀመረች።

«በሩ አጠገብ ያለችው ወላድ ደሟ አልቆመም። ቶሎ ቶሎ እያት።»

«እሺ» አለ።

«መስኮቱ ሥር ያሉት አዛውንት ውሃ ይፈልጋሉ። እጃቸው ስለሚንቀጠቀጥ አንተ ያዝላቸው።»

«እሺ» አለ።

«መጨረሻ ላይ አንዲት ትንሽ ልጅ አለች። ትኩሳቷ አልወረደም። አባቷን ትጠራለች። መርፌዋ አልደረሰላትም።»

የማን ልጅ ናት? እናንተ አወቃችሁ። እሱ አላወቀም። ዕድሜውን ሲያስረክብና ሲረከብ የኖረ ምላስ ነው፣ ቀደመው።

«ተረክቤያለሁ» አለ።

ሴትየዋ በረጅሙ ተነፈሰች። ያኔ ዞረች። ፊቷ ምን እንደሚመስል የነገረኝ ሰው አልነገረኝም፣ እኔም አልጠየቅኩም። «እግዜር ይስጥህ» አለችው። ከዚያ በኋላ አልታየችም።

አጥናፉ ነቃ። ምን እንዳለ ገባው። ወደ ቤቱ ሮጠ። ሮጠ፣ ሮጠ፣ ባሕር ዛፉ ሲያልቅ ከፊቱ ያገኘው የጤና ጣቢያውን በር ነው። ዞሮ ሮጠ። አሁንም የጤና ጣቢያው በር ነው። እየጮኸ ሮጠ። አሁንም በሩ ነው። ተረክቧላ። የተረከበ ሰው ይወጣል?

«ምን ረሳህ?» አለችው ያቺ ተተኪ። የሺመቤት የሞተችበት ወንበር ላይ ተቀመጠ።

ሲነጋ አሮጊቷ ጎረቤት መጣች። ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለብሳለች። መርፌው ገና ኪሱ ውስጥ ነበር።

ቀብሯ ላይም አልደረሰም። ሊሄድ ይወጣል፣ መንገዷ ትመልሰዋለች። ይወጣል፣ ትመልሰዋለች። አቶ ልሳነወርቅ «እንዲህ ያለ ታታሪ ሠራተኛ አላየሁም» እያለ አመሰገነው። በመጨረሻ እሱም እዚያው ወንበር ላይ ቀረ። ሳያስረክብ።

ታዲያ ዛሬ በመንገድ ላይ ቆሞ የሚጠብቀው ማነው? እሱ ነው። የትኛው መንገድ ነው አትበሉኝ። ነርስ በሌሊት የሚያልፍበት መንገድ ሁሉ ነው። ብቻችሁን አትሂዱ። በጨለማ ስለ በሽተኛ የሚነግራችሁ ቢመጣ፣ «ተረክቤያለሁ» አትበሉ።

አንተ ሙላት፣ ምን ያስነሳሃል? ቁጭ በል እንጂ። ሚስትህን ከጤና ጣቢያ ልትቀበል? ዛሬም እሷ ናት ተረኛዋ? ማታ ትወጣለች ተብሎ አልነበረም?

ተተኪ አልመጣላትም አልክ።

ቆይ፣ ቆይ። ሂድ አልልህም፣ ቅርም አልልህም። ግን ብቻህን አትውጣ። ከእናንተ መሃል አብሮት የሚሄድ ማነው?

ደጊቱ፣ ያንቺ ልጅስ አብሮት አይሄድም?

አልሰማችሁኝም? አብሮት የሚሄድ ማነው?