ለዳመና የተፈረመ ውል

ሟቿ በጫማ ካርቶን ውስጥ፣ በአዲስ ፎጣ ላይ ተጋድማለች። ግራጫ የድመት ግልገል ናት፤ ስሟ ዳመና ይባላል። ዘሯ ከነወላጆቿ የተመዘገበ ነው ተብላ፣ በውል ተገዝታ፣ አሜሪካ ሲልቨር ስፕሪንግ ከተማ፣ እዚህ ቤት ከገባች ገና አሥራ ሁለት ቀኗ ነበር። «ለድመት ደግሞ ምርመራ!» የሚል አንባቢ ካለ ይታገሰኝ። በዚያ ሳምንት ከዚያ ቤት ሊወጣ የተፈረደበት ሬሳው ብቻ አልነበረም።

አብርሆትን ያስጠሯት የቤቱ ባለቤት ወይዘሮ እንግዳወርቅ ናቸው። አብርሆት አዲስ አበባ ሳለች የፖሊስ መርማሪ ነበረች፤ አሜሪካ ከመጣች ወዲህ ደግሞ ለአንድ ኢንሹራንስ ድርጅት የውሸት ካሳ የሚጠይቁ ሰዎችን ታጣራለች። ብዙ አታወራም። ሰው ሲያወራት ከፊቱ ይልቅ እጁንና ልብሱን የማየት ልማድ አላት፤ ዘመዶቿ በዚህ ይቀየሟታል።

እንግዳወርቅ ሃያ ሁለት ዓመት በአንድ ፓርኪንግ ጋራዥ ዳስ ውስጥ ተቀምጠው ትኬት ሲቀበሉ ኖረው ባለፈው ዓመት ጡረታ የወጡ ሴት ናቸው። የሟች እህታቸውን ልጅ ማቲያስን ከዘጠኝ ዓመቱ ጀምሮ አሳድገዋል። ዳመናን ለመግዛት ስምንት ወር ወረፋ ጠብቀዋል። በዕድሜያቸው ለራሳቸው ብለው የገዙት ነገር እሷ ብቻ እንደሆነች ለአብርሆት ነገሯት።

«ፉአድ በመርዝ ገድሎብኛል» አሉ። «አንቺ መርዝ መሆኑን ብቻ አረጋግጪልኝ። ቅዳሜ ቤቴን ይለቃል።»

ፉአድ ከቤቱ ሥር ያለውን ክፍል፣ ቤዝመንቱን፣ ተከራይቶ ሰባት ዓመት የኖረ ሰው ነው። በረዶ ይጠርግላቸዋል፣ መድኃኒታቸውን አምጥቶ ላዩ ላይ የተጻፈውን ያነብላቸዋል፣ በረመዳን ሾርባ ይልክላቸዋል፣ በፋሲካ ደግሞ እሳቸው ዳቦ ይልኩለታል። ከሦስት ሳምንት በፊት ግን አይጥ አይቶ የአይጥ መርዝ አስቀምጦ ነበር። ይህን ለእንግዳወርቅ የነገራቸው ማቲያስ ነው።

አብርሆት ወደ ጓሮ ስትወጣ ማቲያስን ጉድጓድ ሲቆፍር አገኘችው። ተቻኩሏል፤ ጥቁር ጃኬቱን እንኳ አላወለቀም። አቁም አለችው። አክስቴ ልቧ ተሰብሯል፣ ቶሎ ትቀበርና ትርሳው ብሎ ሊከራከራት ሞከረ።

«እንግዲያው ካርቶኑን አንሥተህ መኪናዬ ውስጥ አስገባልኝ» አለችው።

ማቲያስ ወደ ኋላ አፈገፈገ። «ይቅርታ፣ እትዬ አብርሆት፣ የሞተ ነገር አልነካም። ካርቶን ውስጥ ያስገባትም ፉአድ ነው፤ እኔ በሕይወት ሳለችም ሐኪም ቤት ከወሰድኳት ቀን ወዲህ አልነካኋትም።»

አብርሆት የጃኬቱን እጅጌ አየች። አጫጭር ግራጫ ፀጉር ተጣብቆበታል። ካርቶኑን ራሷ አነሣች።

ፉአድ ቤዝመንቱ በር ላይ ቆሞ ነበር። ከውስጥ ሻንጣው ግማሽ ተሞልቶ ይታያል። መርዙን አሳየኝ ስትለው ከውኃ ማሞቂያው ጀርባ አንድ ጥቁር የፕላስቲክ ሳጥን አወጣ፤ በቁልፍ የሚከፈት ነው፣ ቀዳዳው ከአይጥ በቀር ሌላ አያስገባም። ከፈተው። መርዙ ጥርስ አልነካውም።

«ይህን ለእትዬ እንግዳወርቅ አሳየሃቸው?»

«አልጠየቁኝም» አለ። «ሳይጠይቁኝ ነው ቅዳሜ ያሉኝ።»

ከዚያ ስለ ድመቷ አወራላት። የመጀመሪያዎቹን ሁለት ቀናት በገዛ ፈቃዷ ደረጃውን እየወረደች ትመጣበት ነበር፤ ሰግዶ ሲነሣ መስገጃው ላይ ተኝታ ያገኛታል። ማቲያስ ሐኪም ቤት ወስዷት ከመጣች በኋላ ግን ጨርሶ አላወቀችውም። ስታየው ትሸሻለች።

አብርሆት ሳሎን ተመልሳ ውሉን ጠየቀች። ከመሳቢያ በፖስታ ወጣ፤ አራት ገጽ እንግሊዝኛ ነው፣ በየገጹ ግርጌ እንግዳወርቅ ፈርመውበታል። ማን አነበበልዎት ስትላቸው ማቲያስ አሉ። ድመቷን የሸጠችላቸው አርቢ ውሉን ቀደም ብላ ወደ እንግዳወርቅ ስልክ ልካው ነበር፤ እሱ ቤት ቁጭ ብሎ አየውና ነገራቸው።

«ምን ይላል አለዎት?»

«እንዳይርባት፣ እንዳይጠማት፣ በሦስት ቀን ውስጥ ሐኪም ይያት። ሌላው የፈረንጅ ወሬ ነው አለኝ።»

«ቃል በቃል አንብብልኝ አላሉትም?»

እንግዳወርቅ ተገርመው አዩዋት። «ያሳደግኩትን ልጅ? አላምንህም ማለት አይሆንብኝም?»

አይ ይሉኝታ! ለማያውቁት ሰው ባለ ሦስት መስመር ደብዳቤ ሦስት ሰው ያስነብባሉ፤ ለሚወዱት ሰው ግን አራት ገጽ ዓይናቸውን ጨፍነው ይፈርማሉ። የእኛ ሰው ነገሩ ይኸው ነው። አብርሆት ግን አልፈረደችባቸውም፤ ፊርማው ላይ ማቲያስ አጠገባቸው ነበር ወይ ብላ ብቻ ጠየቀች። አልነበረም። አርቢዋ እስከምትኖርበት አሌክሳንድሪያ ከተማ ነድቶ አድርሷቸው፣ መኪና ማቆሚያ አጣሁ ብሎ ውጭ ቀረ። መንገዱ ባዶ እንደነበር እንግዳወርቅ ያስታውሳሉ፤ ሃያ ሁለት ዓመት ፓርኪንግ የሠራ ሰው ባዶ ቦታ ያያል።

ድመቷ ሐኪም ቤት ከሄደች ወዲህ ምን ጠባይ ለወጠች ሲባሉም ብዙ ነገር ቆጠሩ። ሁለት ቀን ሶፋ ሥር ተደበቀች፣ አርቢዋ የላከችውን ምግብ እምቢ አለች፣ የምትጸዳዳበት የአሸዋ ሳጥን የት እንደሆነ ጠፋት። ማቲያስ፣ ሐኪሙ አስደንግጧት ነው ብሏቸው ነበር።

አብርሆት አራቱን ገጽ ከላይ እስከ ታች አነበበች። ሦስተኛው ገጽ ላይ ስትደርስ ተመልሳ እንደገና አነበበችው። ከዚያ ካርቶኑን ይዛ ታኮማ ፓርክ ከተማ ወደሚገኝ የእንስሳት ሐኪም ሄደች፤ ሐኪሟ መርምራ የነገረቻትን ሦስት ነገር ማስታወሻዋ ላይ ጻፈች።

በማግስቱ አሌክሳንድሪያ ድመት አርቢዋ ሜሪ ዘንድ ደረሰች። ሜሪ በአምስት ዓመቷ አሜሪካ የመጣች፣ አማርኛዋ ላይ እንግሊዝኛ የምትነሰንስ፣ ኮስታራ ሴት ናት። የዳመናን መሞት ስትሰማ መጀመሪያ ደነገጠች፣ ቀጥሎ ተቆጣች።

«ለምን ኮል አላደረጉልኝም? ኮንትራቱ እኮ ይላል። በአንድ ዓመት ውስጥ ከሞተች በሃያ አራት ሰዓት ይነግሩኛል፣ ሐኪም ይመረምራታል፣ በዘር የመጣ በሽታ ከሆነ ሌላ ድመት እተካለሁ።»

«ያንቺ ድመት ታማ ሄዳ ቢሆንስ?»

ሜሪ የክትባት ካርዶቹን ጠረጴዛው ላይ ደረደረች። ሁለት ጊዜ ተከትባለች። እንዳትወልድም ከመሸጧ በፊት ኦፕራሲዮን ተደርጋለች፤ ቆዳዋ ሥርም የሩዝ ፍሬ የምታክል ቁጥር ያላት ቺፕ ገብታለች። ሰው ውሉን ሳያይ ሳይን ያደርጋል ብላ አማረረች። በተለይ የአገሬ ሰው «በመተማመን ይሁን» ይለኛል፣ ድመቷን ለሌላ ሰው አልሰጥም ብሎ ፈርሞ በሦስተኛው ወር ለጓደኛው ይሰጣል አለች።

«እንዲህ ያደረገብሽ ሰው አለ?»

«አንድ አለ። ሁለተኛ አልሸጥለትም። ባለፈው ክረምት ደውሎ ሲለምነኝ ነበር።» ፋይሉን ከፈተችላት። አብርሆት ስሙን አይታ ፋይሉን ዘጋችው፤ ከዚያ መኪናዋ ውስጥ ሆና አንድ ስልክ ደወለች።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ ሁሉም እንግዳወርቅ ሳሎን ተሰበሰቡ። ፉአድ ሻንጣውን ይዞ ከቤዝመንቱ ወደ ሳሎኑ ወጥቷል፤ መስገጃው ተጠቅልሎ ከላይ ታስሯል። ሜሪ ትንሽ ቦርሳ ይዛ ጥግ ላይ ተቀምጣለች። ማቲያስ መጨረሻ ገባ፤ ሜሪን ሲያያት በሩን ዞሮ አየው።

«ተቀመጥ» አለች አብርሆት፤ ተቀመጠ። «መጀመሪያ መርዙን እንተወው። ድመቷ የሞተችው ያልተከተቡ ግልገሎችን በሚፈጅ የአንጀት በሽታ ነው። ሐኪሟ መርምራ አረጋግጣለች፤ ወረቀቱ ይኸው።»

እንግዳወርቅ ቀስ ብለው ወደ ፉአድ ዞሩ። ፉአድ ወለሉን ነበር የሚያየው።

«የኔ ድመት ተከትባለች» አለች ሜሪ።

«ተከትባለች። ሁለተኛው ነገር ይኸው ነው፤ ካርቶን ውስጥ ያለችው የኦፕራሲዮን ጠባሳ የላትም። ሦስተኛ፣ ሐኪሟ ከራስ እስከ ጅራት በመሣሪያ ፈትሻት ቺፕ አላገኘችም። ስለዚህ የሞተችው ዳመና አይደለችም።»

እንግዳወርቅ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አደረጉ።

አብርሆት ድምፅዋን ሳትጨምር ቀጠለች። ግልገሏ ምግቧንም፣ አሸዋዋንም፣ ወዳጇንም የረሳችው በአንድ ቀን ነው፤ ያ ቀን ሐኪም ቤት የሄደችበት ቀን ነው። ድመት በአንድ ከሰዓት ይህን ሁሉ አትረሳም፤ ሌላ ድመት ከሆነች ግን የምትረሳው ነገር የላትም። የወሰዳትም የመለሳትም አንድ ሰው ነው። ይኸው ሰው ባዶ መንገድ ላይ መኪና ማቆሚያ ያጣው አርቢዋ ፊቱን ስለምታውቀው ነው።

«ያስጠረጠረኝ ግን ጉድጓዱ ነው» አለች። «ውሉ ሦስተኛ ገጽ ላይ፣ ሐኪም ሬሳውን መርምሮ በዘር የመጣ በሽታ ካገኘ ሌላ ግልገል ይሰጣል ይላል። እዚህ ቤት ውሉን ያነበበው አንድ ሰው ብቻ ነው። አክስቱን የሚወድ ከሆነ ሬሳውን ይዞ ወደ ሐኪም ነበር የሚሮጠው። እሱ አካፋ አነሣ። ሐኪም እንዳያያት የፈለገው ምን እንደምታገኝ ስለሚያውቅ ነው። ማቲያስ፣ ከወሰድኳት ቀን ወዲህ ድመት አልነካሁም ብለኸኝ፣ እጅጌህ ላይ የነበረው ፀጉር የማን ነው?»

የበሩ ደወል ተደወለ። የገባችው ዮሐና ናት፤ አሌክሳንድሪያ የምትኖረው፣ ማቲያስ በመጪው ወር ሽማግሌ ሊልክላት የተዘጋጀው ልጅ። አብርሆት ስልኳን ከእንግዳወርቅ ተቀብላ፣ ደውላ ድመት አለሽ ወይ ብትላት፣ አዎ፣ ማቲያስ በልደቴ ሰጠኝ ብላ ነበር፤ ይዘሻት ነይ ስትላት ምንም አልጠረጠረችም። በእጇ ማጓጓዣ ቅርጫት ይዛለች።

ሜሪ ከቦርሳዋ የቺፕ ማንበቢያ መሣሪያዋን አወጣችና ድመቷን አስወጥታ በጀርባዋ ላይ አሳለፈችው። ጢጥ አለ።

«ቁጥሩ ውሉ ላይ አለ» አለች አብርሆት። «እትዬ፣ እርስዎ ያንብቡት።»

እንግዳወርቅ መነጽራቸውን አደረጉ። አሥራ አምስቱን ቁጥር በጣታቸው እየተከተሉ አንድ በአንድ፣ ሳይሳሳቱ አነበቡ። ሜሪ መሣሪያው ላይ እያየች በየቁጥሩ ራሷን ትነቀንቃለች። ሲጨርሱ ወረቀቱን አላስቀመጡትም።

«ሃያ ሁለት ዓመት የትኬት ቁጥር አንብቤያለሁ፣ ማቲያስ» አሉ። «ወረቀቱን ብትሰጠኝ እኔም አነበው ነበር።»

ያመኑት ፈረስ ጣለ በደንደስ ይባላል፤ እንግዳወርቅ ይህን ተረት ለሌሎች ሰዎች ብዙ ጊዜ ተርተውታል። ማቲያስ ፊቱን በእጁ ሸፈነ። ሜሪ አልሸጥለትም ስትለው፣ ዮሐናም እንዲህ ያለችውን ድመት ስትመኝ፣ የአክስቱ ወረፋ ሲደርስ ጊዜ ሰይጣን አሳተው። በዳመና ምትክ ያመጣትን ግልገል የገዛት ከኢንተርኔት ማስታወቂያ፣ ያለ ወረቀት፣ ከአንድ ሰው መኪና ላይ ነው።

«እታለም፣ ድመት ድመት ናት ብዬ ነው። ልዩነቱን አታውቂውም ብዬ...»

«ድመቷን በድመት ለወጥካት» አሉ እንግዳወርቅ። «ፉአድንስ በምን ልትለውጥልኝ ነበር?»

ዮሐና ቅርጫቱን መሬት ላይ አስቀመጠች። «ሽማግሌ እንዳትልክ» አለችው፤ ሌላ ቃል ሳትጨምር ወጣች። ሜሪም ውሉን ተቀብላ የመጨረሻውን ገጽ አየች። ወደ ሌላ ሰው እጅ የገባች ድመት ወደ አርቢዋ ትመለሳለች ይላል። ጥቂት አሰበችና ወረቀቱን ለእንግዳወርቅ መለሰች። «እርስዎ አልሰጧትም» አለች። «የእርስዎ ናት።»

እንግዳወርቅ ግን ድመቷን አላዩዋትም። ከወንበራቸው ተነሥተው ፉአድ ፊት ቆሙ።

«ፉአድ፣ በድዬሃለሁ። ክፍልህ ክፍልህ ነው። አትሂድብኝ።»

አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ማለት ይህ ነው።

«እማማ፣ ይቅር ብያለሁ» አለ ፉአድ። «እሱ ዋሽቶዎታል፤ እርስዎም አመኑት፣ ልጅዎ ነው። ግን ከዚህ ሳሎን እስከ እኔ በር አሥራ ሁለት ደረጃ ነው። ሰባት ዓመት ኖሬ፣ አሥራ ሁለት ደረጃ ወርደው፣ አንተ ነህ ወይ አላሉኝም። ሀያትስቪል ከተማ ክፍል አግኝቻለሁ።»

ድመቷ ይህ ሁሉ ሲሆን ሳሎኑን እያሸተተች ትዞር ነበር። ሻንጣው ጋ ስትደርስ ቆመች፤ ዘላ ወጣችና የተጠቀለለው መስገጃ ላይ ተጠቅልላ ተኛች። ፉአድ አያት። ጎንበስ ብሎ ቀስ አድርጎ አነሣት፣ እንግዳወርቅ እጅ ላይ አስቀመጣት፣ ሻንጣውን ይዞ ወጣ።

ማንም አልተከተለውም። እንግዳወርቅ ዳመናን ጭናቸው ላይ አድርገው ብዙ ቆዩ፤ ከዚያ መነጽራቸውን አስተካክለው ውሉን ከመጀመሪያው ገጽ ማንበብ ጀመሩ። የማያውቁት ቃል ሲያጋጥማቸው ፉአድን ሊጠይቁ ቀና ይላሉ፤ ያስታውሱና መልሰው ያቀረቅራሉ።